ህያዋ መንኮራኩር፦ «ኖ ማንስ ስካይ» ውስጥ ከጣቢያ የማትገዛው መርከብ እንዴት ትገኛለች?

«ኖ ማንስ ስካይ» በሚባለው የጠፈር ጌም ውስጥ መንኮራኩር ማግኘት ከባድ አይደለም። የጠፈር ጣቢያ ላይ ቆም ብላችሁ የሚያርፉትን ማየት ነው። ዓይናችሁ የገባች ካለች ፓይለቱን ታናግራላችሁ፣ ዋጋ ትጠይቃላችሁ፣ ብሩ ካላችሁ ትወስዳላችሁ። ብር የሌለው ደግሞ ፕላኔት ላይ ወድቃ የተሰባበረች ፈልጎ ይጠግናል።

አንዲት መንኮራኩር ግን በዚህ መንገድ አትገኝም። ጣቢያ ላይ አትሸጥም። ብረት ሳትሆን ስጋ ናት። ልብ አላት፣ ዓይን አላት፣ ስትበር ድምፅ ታሰማለች። ከእንቁላል ነው የምትፈለፈለው። ተጫዋቾች «ሊቪንግ ሺፕ» ይሏታል። እኔ እዚህ ህያዋ መንኮራኩር እላታለሁ።

ስለ እሷ የሚጠይቀኝ ሰው ብዙ ነው። ጥያቄዎቹም ይመሳሰላሉ። «እንቁላሉን ገዛሁ፣ ምንም አልሆነም።» «ሚሽኑ (ተልዕኮው) ቆመብኝ፣ ተበላሽቶ ይሆን?» «ቁጥር ሰጠኝ፣ ወዴት ልሂድ?» አብዛኛውን ጊዜ የተበላሸ ነገር የለም። ጌሙ ምን እየጠየቀ እንደሆነ በግልጽ ስለማይናገር ነው። ይህች መንኮራኩር ከሁሉም በላይ የምትጠይቀው ጊዜ ነው፤ ያውም በሰዓታችሁ የሚቆጠር እውነተኛ ጊዜ። ይህን አንዴ ከተረዳችሁ የቀረው ሁሉ ቀላል ነው።

መጀመሪያ ጌሙን ለማታውቁት ትንሽ ልበል። ዓመቶቹን የምጽፈው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው። የሠራው ሄሎ ጌምስ የሚባል፣ እንግሊዝ አገር ጊልፎርድ ከተማ የሚገኝ ትንሽ ስቱዲዮ ነው። በነሐሴ 2016 ሲወጣ ብዙ ሰው ተናደደ። ቃል የተገባው ብዙ ነገር ውስጡ አልነበረም። ስቱዲዮው ግን ጌሙን ጥሎ አልሄደም። ከዚያ ዓመት ጀምሮ ትልልቅ አፕዴቶችን ያለ ተጨማሪ ክፍያ ሲያወጣ ኖሯል። በነሐሴ 2019 በርካታ ሰዎች አብረው የሚጫወቱበትን ሰፊ አፕዴት አወጣ። በየካቲት 2020 ደግሞ ህያዋ መንኮራኩር መጣች። በእኔ እምነት ጌሙ ካገኛቸው ጭማሪዎች ሁሉ እንደ እሷ ልብ የሚነካ የለም። ሌሎቹ ዕቃ ጨመሩልን። እሷ ግን የምንጠብቀው፣ የምንንከባከበው ነገር ሰጠችን።

ወደ ሥራው እንግባ። ጌሙ ውስጥ ሦስት ዓይነት ገንዘብ አለ። ዩኒት የሚባለው ተራው ብር ነው፤ ማዕድን ሸጣችሁ፣ ንግድ ነግዳችሁ የምታገኙት። ናኒት የሚባለው ለቴክኖሎጂና ለማሻሻያ ይውላል። ሦስተኛው ክዊክሲልቨር ነው፤ እኛን የሚመለከተውም እሱ ነው። ህያዋ መንኮራኩር የምትጀምረው ቮይድ ኤግ ከሚባል እንቁላል ነው፣ እንቁላሉም የሚሸጠው በክዊክሲልቨር ብቻ ነው። ዋጋው ከ3000 በላይ ነው። አንድ ቢሊዮን ዩኒት ይዛችሁ ብትሄዱ እንቁላሉን አታገኙም። በእውነተኛ ገንዘብ ክዊክሲልቨር የሚገዛበት ሱቅም የለም። ይሄን አሠራር እወደዋለሁ። ሀብታሙም ድሃውም ተጫዋች ያው ሚሽን ሠርቶ ነው የሚያገኘው።

ክዊክሲልቨሩ የሚገኘው የት ነው? ስፔስ አኖማሊ በምትባለው ትልቅ ክብ ጣቢያ ውስጥ። የዋናውን ታሪክ መንገድ ከተከተላችሁ ገና በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ትገጥማችኋለች። እዚያ ናዳና ፖሎ የሚባሉ ሁለት ነዋሪዎች ይቀበሏችኋል። አንዴ ከገባችሁ በኋላ ጠፈር ላይ ሆናችሁ በፈለጋችሁ ጊዜ ልትጠሯት ትችላላችሁ። ውስጧ ከመላው ዓለም የመጡ ተጫዋቾች ይገናኛሉ። ስለዚህ ኢንተርኔት ይዛችሁ ግቡ።

አኖማሊ ውስጥ ሁለት ቦታ ልብ በሉ። አንዱ ኔክሰስ ነው፤ ሚሽን የሚመረጥበት ትልቅ ጠረጴዛ። ሌላው ክዊክሲልቨር ተቀብሎ ዕቃ የሚሸጠው ትንሽ ሮቦት ነው። ኔክሰስ ላይ ካሉት ሚሽኖች መካከል ሽልማታቸው ክዊክሲልቨር የሆነውን መርጣችሁ ተቀበሉ። ሥራው አያስቸግርም። አንዱ የተወሰነ ፕላኔት ላይ ፎቶ አንሱ ይላል፣ ሌላው ትንሽ ነገር ገንቡ ይላል፣ ሌላው አደገኛ ፍጥረቶችን አጥፉ ይላል። ከሌሎች ጋር እንድትሠሩት ታስቦ የተዘጋጀ ቢሆንም ብቻችሁን መጨረስ ትችላላችሁ።

የዕለቱ ሚሽኖች የሚሰጡት ጥቂት መቶዎችን ነው። ቅዳሜና እሁድ የሚመጣው ሚሽን ግን ብዙውን ጊዜ 1200 ይሰጣል። ሒሳቡን ሥሩት። ሌላ ምንም ሳትነኩ ሦስት የሳምንት መጨረሻ ሚሽን ብቻ ብትሠሩ 3600 ይሆናል። መካከል ላይ የዕለቱን አንዳንድ ጊዜ ጣል ጣል ካደረጋችሁ ደግሞ ከዚያ በፊት ትደርሳላችሁ። የትምህርትና የሥራ ጫና ያለበት ሰው የሳምንት መጨረሻውን ብቻ ይያዝ፤ ይበቃዋል። ሮቦቱ ጋ ስትሄዱ ኮፍያ፣ ፖስተር፣ የሚያማምር ጌጣጌጥ ታያላችሁ። ዓይናችሁን ጨፍኑ፤ መጀመሪያ እንቁላሉ።

እንቁላሉን ገዝታችሁ ኢንቬንተሪ (የዕቃ መያዣችሁ) ውስጥ ስታስቀምጡ ምንም አይሆንም። የመጀመሪያው ግራ መጋባት የሚመጣው እዚህ ነው። ሰው ሊጫነው፣ ሊሰብረው፣ ፕላኔት ላይ ሊቀብረው ይሞክራል። አያስፈልግም። እንቁላሉ የሚነቃው ጠፈር ላይ ስትጓዙ ነው። በመንኮራኩራችሁ ከፕላኔት ውጡና ፐልስ የሚባለውን ሞተር አስነሱ። በአንድ የፀሐይ ሥርዓት ውስጥ ከፕላኔት ወደ ፕላኔት በፍጥነት የምትሄዱበት ሞተር ማለት ነው። ወደ ሌላ ኮከብ የሚያሻግረው ሌላ ነው፤ እሱን አትንኩ። የተለየ መድረሻ ይዛችሁ ከሆነ ጉዞው ቶሎ ስለሚያልቅባችሁ፣ ወደ ባዶው ጠፈር ፊታችሁን አዙሩና ቀጥ ብላችሁ ሂዱ። ጥቂት ቆይቶ ምልክት ይመጣል። ያኔ «ስታርበርዝ» የሚባለው ሚሽን ተጀመረ ማለት ነው። የሚሽን ዝርዝራችሁ ውስጥ ገብታችሁ እሱን ምረጡት፤ ካልመረጣችሁት መመሪያው ስክሪናችሁ ላይ አይወጣም።

ከዚህ በኋላ አካሄዱ አንድ ዓይነት ዙር ይሆናል። ሚሽኑ አንድ ፕላኔት ላይ ወዳለ ቦታ ይልካችኋል። ቦታው ላይ ስትደርሱ ለመንኮራኩሯ የሚሆን አንድ የአካል ክፍል እንዴት እንደሚሠራ ትማራላችሁ። የሚያስፈልገውን ነገር ታሰባስባላችሁ፣ ትሠሩታላችሁ። ከዚያ ትጠብቃላችሁ። ከዚያ ሌላ ቦታ፣ ሌላ የአካል ክፍል፣ ሌላ ጥበቃ። መንኮራኩሯ በአንድ ጊዜ አትመጣም። አንድ በአንድ አካሏን እየሠራችሁላት ነው የምትሄዱት።

ብዙ ሰው የሚሸነፍበት ቦታ ፍለጋው ላይ ነው። ሌሎች ሚሽኖች ስክሪን ላይ ምልክት ያሳዩአችኋል፤ ወደ ምልክቱ ትሄዳላችሁ፣ አለቀ። ይሄኛው ግን ሁለት ቁጥር ይሰጣችኋል። ለምሳሌ የመጀመሪያው ቁጥር ፕላስ 32.10፣ ሁለተኛው ማይነስ 74.55 ይሆናል እንበል። በጂኦግራፊ ክፍል የተማርነው የኬክሮስና የኬንትሮስ ነገር ነው። የመጀመሪያው ከሰሜን ወደ ደቡብ ይለካል፤ ፕላስ ወደ ላይ፣ ማይነስ ወደ ታች። ሁለተኛው ፕላኔቱን ዙሪያውን ይለካል። አሁን ያላችሁበት ቁጥር በፕላኔቱ ላይ ስትበሩ ኮክፒታችሁ ውስጥ ይታያል።

አንድ ነገር ይርዳችሁ፦ ሁለቱንም ቁጥር በአንድ ጊዜ ለማስተካከል አትሞክሩ። አሁን ያላችሁት ፕላስ 10.00 እና ማይነስ 20.00 ላይ ነው እንበል። መጀመሪያ አፍንጫዋን ወደ አንድ አቅጣጫ አዙሩና ትንሽ ብረሩ። የትኛው ቁጥር እየተቀየረ ነው? የመጀመሪያው ብቻ ከሆነና ከ10 ወደ 11፣ ወደ 12 ከሄደ፣ ትክክለኛው አቅጣጫ ላይ ናችሁ፤ 32 እስኪሆን ቀጥሉ። ከ10 ወደ 9 ከወረደ ግን ፊታችሁን ወደ ኋላ መልሱ። 32.10 ላይ ስትደርሱ ሩብ ዙር ታጠፉ። አሁን የመጀመሪያው ቁጥር ባለበት ቆሞ ሁለተኛው ብቻ መቀየር አለበት። ከማይነስ 20 ወደ ማይነስ 30፣ ወደ ማይነስ 40 እያለ ሲሄድ ደስ ይላል። ማይነስ ያለው ቁጥር ላይ ሰው ይሳሳታል። ማይነስ 74 ላይ ለመድረስ፣ የማይነስ ምልክቱን ትታችሁ ስታዩት ቁጥሩ መጨመር አለበት። ወደ ዜሮ እየተጠጋ ከሆነ እየራቃችሁ ነው።

መንገዱ ሩቅ ከሆነ ከመሬት ብዙ ከፍ ብላችሁ ብረሩ። ከላይ ስትሆኑ ቁጥሩ ቶሎ ቶሎ ይቀየራል። ጥቂት ሲቀራችሁ ውረዱና ዝግ በሉ። ቦታው ከተሰጣችሁ ቁጥር ጋር ልክክ ብሎ ላይገጥም ይችላል፤ ቅርብ ከሆናችሁ በቂ ነው፣ ቦታውን ዙሪያውን ብትቃኙ ታዩታላችሁ። ይሄንን ካወቃችሁ ሚሽኑ ውስጥ ያለው ከባዱ ክፍል አለቀ።

አሁን ወደ ጥበቃው። አንድ የአካል ክፍል ሠርታችሁ ስትጨርሱ ጌሙ እንዲያድግ ጊዜ ይሰጠዋል። ጥበቃው አንድ ቀን ያህል ነው፣ በእውነተኛው ሰዓት። ጌሙን ከፍታችሁ መቀመጥ አያስፈልጋችሁም። ስትዘጉትም ሰዓቱ ይቆጥራል። ተኙ፣ ሥራ ሂዱ፣ በነጋታው ተመለሱ። «ሚሽኑ ቆመብኝ» የሚሉኝ ሰዎች አብዛኞቹ እዚህ ላይ ናቸው፤ ሚሽኑ አልቆመም፣ የተሠራው ክፍል ገና እያደገ ነው። እነዚህ ቀኖች ሲደማመሩ ጠቅላላው ነገር ወደ ሳምንት ይጠጋል።

የኮምፒውተራቸውን ወይም የኮንሶላቸውን ቀን ወደፊት እየገፉ ጥበቃውን የሚዘሉ ተጫዋቾች አሉ። የሴቭ ፋይላቸውን በሌላ ፕሮግራም ከፍተው መንኮራኩሯን ዝም ብለው የሚጨምሩም አሉ። ጌሙ የራሳችሁ ነው፣ ማንም አይከለክላችሁም። ግን እኔ አልመክራችሁም። አንደኛ፣ ሰዓት መነካካት ሌሎች በሰዓት የሚሄዱ ነገሮችን ሊያዛባ ይችላል። ሁለተኛና ዋናው፣ ይህች መንኮራኩር ከሌሎቹ የምትለየው በመጠበቋ ነው። ፍጥነቷ ወይም መሣሪያዋ ብቻውን ያን ያህል አይደንቅም። ጠብቃችሁ ስታገኟት ግን ሌላ ነገር ናት። በየቀኑ ማታ ገብታችሁ «ደረሰች?» ብላችሁ ታያላችሁ። ሠሪዎቹም ይህን አስበው እንዳደረጉት ይገባኛል። የሚወለድ ነገር በአንድ ቀን አይደርስም።

በዚህ አጋጣሚ አዲስ አበባ ላላችሁ ሁለት ነገር። በሰዓት ሂሳብ የሚከራዩ ፕሌይስቴሽን ቤቶች ለእግር ኳስ ጌም ጥሩ ናቸው፣ ለዚህ ሚሽን ግን አይሆኑም። ሴቭ የተደረገው ማሽኑ ላይ ባለው አካውንት ነው፤ ሳምንት ሙሉ የለፋችሁበትን ሌላ ሰው ሊያጠፋው ይችላል። የራሳችሁ ወይም የምታምኑት ጓደኛ ማሽን ላይ ጀምሩት። ሁለተኛው መብራት ነው። ጌሙ ከመንኮራኩራችሁ ወርዳችሁ መሬት ስትረግጡ በራሱ ሴቭ ያደርጋል። ስለዚህ አስፈላጊ ደረጃ በጨረሳችሁ ቁጥር ገባ ወጣ በሉ። መብራት ድንገት ጭልም ቢል የምታጡት ጥቂት ደቂቃ ብቻ ይሆናል።

የመጨረሻው ደረጃ ላይ የሚሰጣችሁ ቦታ መንኮራኩሯ ያለችበት ነው። ከሩቅ ስታዩአት ፕላኔቱ ላይ ያረፈ ትልቅ እንስሳ ትመስላለች። ከመቅረባችሁ በፊት ግን ስለ መልኳ አንድ ነገር ማወቅ አለባችሁ፤ ብዙዎች ካለፈ በኋላ ነው የሚሰሙት።

«ኖ ማንስ ስካይ» ውስጥ ያለው ዓለም በሰው እጅ አንድ በአንድ የተሳለ አይደለም። ኮምፒውተሩ ከአንድ መነሻ ቁጥር ተነስቶ በቀመር ያሰላዋል። ተራራው፣ የእንስሳው ቀለም፣ የመንኮራኩሩ ክንፍ ሁሉ ከቁጥር ይወጣል። የፕላኔቶቹ ብዛት 18,446,744,073,709,551,616 ይደርሳል የሚባለውም ከዚህ የተነሳ ነው፤ ሁለት በራሱ 64 ጊዜ ሲባዛ የሚመጣው ቁጥር ነው። ያን ሁሉ ፕላኔት ዲስክ ላይ ማስቀመጥ የሚችል የለም። ቁጥሩ ያው ከሆነ ግን ውጤቱ ሁልጊዜ ያው ይሆናል። እኔ ያየሁትን ፕላኔት እናንተም ብትሄዱ ያንኑ የምታዩት ለዚህ ነው።

የህያዋ መንኮራኩር መልክም እንደዚሁ ይወጣል፤ የሚወስነውም ሚሽኑን የምትጨርሱበት የፀሐይ ሥርዓት ነው። አንዷ ቀጭንና ረጅም፣ አንዷ ሰፊና ክንፋም፣ አንዷ ቀይ፣ አንዷ ሰማያዊ ትሆናለች። ስለዚህ ተጫዋቾች የወደዷት መንኮራኩር የወጣችበትን ቦታ አድራሻ እርስ በርስ ይሰጣጣሉ። አድራሻው 12 ምልክት ያለው ነው፤ ምልክቶቹ በጠቅላላ 16 ናቸው፣ ፕላኔት ላይ ያለ ፖርታል (ወደ ሩቅ ቦታ የሚያሻግር በር) ላይ ታስገቧቸዋላችሁ። መልክ የምትመርጡ ከሆነ ከመጨረሻው ደረጃ በፊት ወደዚያ ሥርዓት ሂዱ። እኔን ከጠየቃችሁኝ ለመጀመሪያዋ አትምረጡ። የመጣችው ትምጣ። ማንም ሳይመርጥላችሁ የደረሰችው የእናንተ ናት።

ስትቀርቡና ስትነጋገሩ ጌሙ ወደ መንኮራኩሮቻችሁ ልጨምራት ወይስ አሁን ባለችው ልቀይራት ብሎ ሊጠይቃችሁ ይችላል። በጥንቃቄ አንብቡ። ቀይሩ ካላችሁ የያዛችኋት መንኮራኩር ትሄዳለች። ከዚያ በፊት አንድ ባዶ ቦታ መኖሩን አረጋግጡ።

መንኮራኩሮች ሲ፣ ቢ፣ ኤ፣ ኤስ የሚባል ደረጃ አላቸው፣ ኤስ ከፍተኛው ነው። ጣቢያ ላይ ኤስ ማግኘት የዕድል ጉዳይ ነው። ህያዋ ግን ኤስ ሆና ነው የምትወለድልን። ኮክፒቷ ውስጥ የለመዳችሁት ዳሽቦርድ የለም። ቁልፍና ብረት በነበረበት ስጋ፣ ጅማት፣ የሚንቀሳቀስ ነገር ታያላችሁ። የክፍሎቿ ስሞችም የአካል ስሞች ናቸው፤ ሞተሩ የምንለው የሚመታ ልብ ነው።

ሲጀመር ግን ልታውቁት የሚገባ ጉድለት አላት። ከጣቢያ የሚገዙት የተለመዱ ማሻሻያዎች አይገቡባትም። ስጋ ላይ ብረት አይተከልም። የሚመጥኗት ማሻሻያዎች እንደ እሷ ህያዋን ናቸው፤ እሷን ይዛችሁ ጠፈር ላይ ፐልስ ስትጓዙ ከሚገጥሟችሁ ነገሮች ነው የምታገኟቸው። ስለዚህ እንዳገኛችኋት አሮጌዋን መንኮራኩር አትሽጡ። ዕቃ ለመጫን፣ ለንግድ፣ ለከባድ ውጊያ አሮጌዋን ተጠቀሙ። ህያዋን ደግሞ በየጊዜው ወደ ባዶው ጠፈር ይዛችኋት ውጡ፣ ምልክት ሲመጣ አትለፉት፤ እዚያ ከሚገኙት ነገሮች ነው የምታድገው።

ይህን ከወደዳችሁት ደግሞ ህያዋን የሆኑ ትልልቅ መርከቦች መኖራቸውን እወቁ። በግንቦት 2022 ሄሎ ጌምስ «ሌቫያታን» የሚባል የጊዜ ገደብ ያለው ጉዞ አውጥቶ፣ ለጨረሰው ሰው እንደ ዓሣ ነባሪ ያለ ግዙፍ ህያው ፍሪጌት ሰጥቶ ነበር። እሱ በራሱ የሚበረር አይደለም፤ የጭነት መርከባችሁን አጅቦ የሚሄድ ነው።